ፔምፊገስ ቩልጋሪስን ለይቶ ማወቅና ማከም፦ ከመጀመሪያው የአፍ ቁስል እስከ መድኃኒት ማቆም

ሳምንታት ያለፉት፣ በፈንገስ መድኃኒትም በአንቲባዮቲክም ያልዳነ የአፍ ቁስል የያዘው አዋቂ ሰው ሲመጣ ፔምፊገስ፣ ማለትም የሰውነት መከላከያ ሥርዓት የራሱን ቆዳና የአፍ ሽፋን የሚያጠቃበት በሽታ፣ ከመጀመሪያዎቹ ጥርጣሬዎች አንዱ ሊሆን ይገባል። በአብዛኛዎቹ ታካሚዎች በሽታው የሚጀምረው ከአፍ ነው። ቆዳ ላይ ውሃ የቋጠረ እብጠት እስኪወጣ ወራት ሊያልፉ ይችላሉ፤ በእነዚያ ወራት ታካሚው ከአንዱ የአፍ ማጠቢያ ወደ ሌላው ሲዞር ይከርማል፣ ይከሳል፣ ቁስሉም ይሰፋል።

መመሪያው በዋናነት ለሐኪሞች፣ ለጤና መኮንኖችና ለነርሶች የተጻፈ ነው። ሕክምናው ረጅም ስለሆነ ግን የቁስል እንክብካቤውና የመድኃኒት ቅነሳው ክፍል ታማሚውንና አስታማሚውንም በቀጥታ ይመለከታል። የመድኃኒት መጠኖቹ የአዋቂ ናቸው። ማንም ሰው ያለ ሐኪም ክትትል በራሱ ሊጀምራቸውም ሊያቆማቸውም አይገባም።

በሽታው የሚሠራው ምንድን ነው?

የላይኛው የቆዳ ሽፋን ሴሎች እርስ በርስ ተያይዘው የሚቆዩት ዴስሞግሊን በሚባሉ ፕሮቲኖች አማካይነት ነው። በፔምፊገስ የሰውነት መከላከያ ሥርዓት እነዚህኑ የራሱን ፕሮቲኖች እንደ ባዕድ ቆጥሮ አንቲቦዲ (ባዕድን የሚያጠቃ የመከላከያ ፕሮቲን) ያመርትባቸዋል። ሴሎቹ ይለያያሉ፣ በመካከላቸው ፈሳሽ ይጠራቀማል። መለያየቱ የሚፈጠረው እዚያው ላይኛው ሽፋን ውስጥ በመሆኑ የእብጠቱ ክዳን ስስ ነው፤ ቶሎ ይፈነዳል።

አንቲቦዲው የተነሣው በዴስሞግሊን 3 ላይ ብቻ ከሆነ በሽታው በአብዛኛው አፍንና ሌሎች ስስ ሽፋኖችን (እንደ አፍንጫ፣ ዓይንና ብልት ያሉትን) ይይዛል። ዴስሞግሊን 1 ሲጨመርበት ቆዳም ይላጣል። ዴስሞግሊን 1 ብቻ ሲጠቃ ደግሞ ፔምፊገስ ፎሊያሲየስ የሚባለው፣ አፍን የማይነካው ዓይነት ይሆናል። በሽታው አይተላለፍም። ይህን ለታካሚውና ለቤተሰቡ በመጀመሪያው ቀን በግልጽ ይንገሩ፤ ዕቃ ተለይቶለት፣ ለብቻው ተኝቶ የሚሠቃይ ታካሚ ጥቂት አይደለምና።

ደረጃ 1፦ ዓይቶና ጠይቆ መጠርጠር

ታካሚውን ልብሱን አስወልቀው ሙሉ አካሉን ይመርምሩ፦ የራስ ቆዳ፣ ፊት፣ ደረት፣ ጀርባ፣ ብብት፣ ብሽሽት፣ እምብርት፣ የጥፍር ዙሪያ። የሚፈልጉት ጤነኛ በሚመስል ቆዳ ላይ የወጣ፣ ሲነካ ልል የሆነ ውሃ የቋጠረ እብጠት ነው። ብዙ ጊዜ የሚያገኙት ግን እሱ ከፈነዳ በኋላ የቀረውን ቀይ፣ እርጥብ፣ የተላጠ ቁስል ነው። ከማሳከክ ይልቅ ያማል። ሲድን ጠባሳ አይተውም፣ ጥቁር ምልክቱ ግን ለወራት ይቆያል።

አፍ ውስጥ የጉንጭን ውስጠኛ ክፍል፣ ላንቃን፣ ድድንና የምላስን ሥር በጥሩ ብርሃን ይመልከቱ። ድምፁ ጎርንኖ እንደሆነ፣ ሲውጥ ያመው እንደሆነ፣ ነስር ወይም የአፍንጫ ውስጥ ቅርፊት እንዳለው፣ ዓይኑ ይቀላ እንደሆነ፣ ብልትና ፊንጢጣ አካባቢ ቁስል እንዳለ ይጠይቁ። ታካሚው ስለ ብልት ቁስል ሳይጠየቅ አይናገርም። የሚወስዳቸውን መድኃኒቶች በሙሉ ይመዝግቡ፤ ካፕቶፕሪልና ፔኒሲላሚን በሽታውን ከሚቀሰቅሱት መካከል ናቸው።

ቀጥሎ የኒኮልስኪ ምልክትን ይፈትሹ። ከቁስሉ አጠገብ ያለውን ጤነኛ መሳይ ቆዳ በአውራ ጣት ጫን ብለው ወደ ጎን ይግፉት። የላይኛው ሽፋን ተንሸራቶ ከተላጠ ምልክቱ አለ ማለት ነው። አንድ ቦታ ላይ ብቻ ይሞክሩ፤ እያንዳንዱ ሙከራ አዲስ ቁስል ይተዋል። ይህ ምልክት በመድኃኒት ምክንያት በሚመጣው በስቲቨንስ ጆንሰን ሲንድረምም ስለሚታይ ለብቻው ፔምፊገስን አያረጋግጥም።

ከሚመሳሰሉት በሽታዎች በመጀመሪያ ማስወገድ ያለብዎ ይህንኑ ስቲቨንስ ጆንሰንን ነው፤ በቀናት ውስጥ ሊገድል ይችላልና። አዲስ መድኃኒት ከተጀመረ ከአንድ እስከ አራት ሳምንት ውስጥ ትኩሳት፣ የሚያቃጥል ጠቆር ያለ ሽፍታና የአፍ መላጥ በአንድነትና በፍጥነት ከመጡ የተጠረጠረውን መድኃኒት ወዲያውኑ ያስቁሙና ታካሚውን ሆስፒታል ያስገቡ። ፔምፊገስ ከዚህ በተለየ ቀስ እያለ በሳምንታትና በወራት ነው የሚሰፋው።

በዕድሜ የገፋ ሰው ብዙ የሚያሳክከው፣ እብጠቱ ደግሞ የተወጠረና በቀላሉ የማይፈነዳ ከሆነ ቡለስ ፔምፊጎይድን ያስቡ። እዚያ መለያየቱ ከላይኛው ሽፋን ሥር ስለሆነ ክዳኑ ወፍራም ነው፤ ሕክምናውም ይለያል፣ ብዙዎቹ ኃይለኛ የስቴሮይድ ክሬም በመቀባት ብቻ ይሻላቸዋል። ተራ የአፍ ቁስለት ክብ ሆኖ በሁለት ሳምንት ገደማ ይድናል። ሄርፒስ ትንንሽ እብጠቶችን በአንድ ቦታ ሰብሰብ አድርጎ ያወጣል። ከንፈርን ጭምር አልፎ የሚወጣ፣ በምንም መድኃኒት የማይመለስ አስከፊ የአፍ ቁስል ካለ ደግሞ ከተደበቀ ካንሰር፣ በተለይም ከሊምፎማ (የሊምፍ ሥርዓት ካንሰር) ጋር የሚመጣውን የፔምፊገስ ዓይነት አስበው ደረትና ሆድን በሲቲ ስካን ያስመርምሩ።

ደረጃ 2፦ ናሙና መውሰድ

አብዛኛው የምርመራ ስህተት የሚፈጸመው እዚህ ላይ ነው፤ ስለዚህ ሳንቸኩል እንሂድ። የታካሚው ሁኔታ ሰዓት የማይሰጥ ካልሆነ በቀር ስቴሮይድ ከመጀመሩ በፊት ናሙናው ይወሰድ። መድኃኒቱ ለጥቂት ሳምንታት ከተወሰደ በኋላ ቁስሉ ግማሽ ይድናል፣ የፓቶሎጂ (ናሙናው በማይክሮስኮፕ የሚታይበት ምርመራ) ውጤቱ ይደበዝዛል፣ ታካሚው ደግሞ ስሙ በውል ባልታወቀ በሽታ ለዓመታት መድኃኒት ሲውጥ ይኖራል።

ሁለት የተለያዩ ናሙናዎች ያስፈልጋሉ፣ ከሁለት የተለያዩ ቦታዎች፣ በሁለት የተለያዩ ዕቃዎች።

1. በመጀመሪያ ለኢሚውኖፍሎረሰንስ፣ ማለትም ቆዳው ላይ የተጣበቀውን አንቲቦዲ አብርቶ ለሚያሳየው ምርመራ፣ የሚሆነውን ይውሰዱ። ቦታው ከቁስሉ ጠርዝ በ1 ሴ.ሜ. ውስጥ ያለ፣ ያልተላጠ፣ ጤነኛ የሚመስል ቆዳ ነው። ከ3 እስከ 4 ሚ.ሜ. ፓንች (ክብ የቆዳ መቁረጫ) ይበቃል። ከቁስሉ መሐል የወሰዱት እንደሆነ ላይኛው ሽፋን የለም፤ የሚታይ ነገርም አይኖርም።

2. ማደንዘዣው 1 ወይም 2 በመቶ ሊዶኬይን ነው። በቦታው ዙሪያ ይውጉ፤ ውሃ የቋጠረው እብጠት ውስጥ አይውጉ።

3. ይህ ናሙና የሚገባው ሚሼል በተባለው ማጓጓዣ ፈሳሽ ውስጥ ነው። እሱ ከሌለና ላቦራቶሪው በ24 ሰዓት ውስጥ የሚረከብ ከሆነ 0.9 በመቶ ሳላይን (የጨው ውሃ) ይሆናል። ፎርማሊን ውስጥ ፈጽሞ አይግባ። ፎርማሊን የነካው መቆንጠጫ እንኳ ናሙናውን ሊያበላሽ ስለሚችል ነው ይህኛው ቀድሞ የሚወሰደው።

4. ሁለተኛው ናሙና ለተራው የፓቶሎጂ ምርመራ ነው። የወጣ አንድ ቀን ያልሞላው ትንሽ እብጠት ይምረጡ፤ ከሁለት ቀን በላይ ከቆየ ከሥሩ አዲስ ሽፋን ማብቀል ስለሚጀምር መለያየቱ የት እንደነበረ ያሳስታል። ከእብጠቱ ጠርዝ ጋር ያልተላጠ ቆዳም አብሮ እንዲወጣ ከ4 እስከ 6 ሚ.ሜ. ይውሰዱ። ፓንቹን ብዙ ካሽከረከሩት ክዳኑ ተላቆ ይቀራል፤ ይህ የሚያሰጋ ከሆነ እብጠቱን ከነጠርዙ በስለት መቁረጥ ይሻላል።

5. ሁለተኛውን በ10 በመቶ ፎርማሊን ውስጥ ያኑሩ። የፈሳሹ መጠን ከናሙናው ቢያንስ አሥር እጥፍ ይሁን።

6. በሁለቱም ዕቃዎች ላይ ስም፣ ቀን፣ የተወሰደበት ቦታና የናሙናው ዓይነት ይጻፍ። በመጠየቂያው ቅጽ ላይ «የቆዳ ቁስል» ብቻ አይበሉ። «ፔምፊገስ ተጠርጥሯል፤ የአፍ ቁስል ለ4 ወር፣ የቆዳ ለ3 ሳምንት፣ ስቴሮይድ አልጀመረም» የሚል መረጃ ፓቶሎጂስቱ ምን እንደሚፈልግ ይነግረዋል።

ቁስሉ አፍ ውስጥ ብቻ ከሆነ ከጉንጭ ውስጠኛ ክፍል ይውሰዱ። ድድ ብዙ ጊዜ በጥርስ ቆሻሻ ምክንያት የተቆጣ ስለሆነ ውጤቱን ያደበዝዛል፣ ለመስፋትም ያስቸግራል። ቆዳ መቁረጥ የማይቻል ከሆነ ከራስ ላይ ከነሥሩ የተነቀለ ፀጉር ለኢሚውኖፍሎረሰንስ ሊያገለግል ይችላል፤ የፀጉሩ ሥር ሽፋን ዴስሞግሊን አለውና። ላቦራቶሪው ይህን ይሠራ እንደሆነ አስቀድመው ይጠይቁ።

የደም ናሙናም በዚያው ቀን ይወሰድ። 5 ሚ.ሊ. ደም በኤላይዛ (በደም ውስጥ ያለ አንቲቦዲን በሚለካ ምርመራ) የዴስሞግሊን 1 እና 3 አንቲቦዲ ለመለካት ይበቃል።

ኢሚውኖፍሎረሰንስ በማይገኝበት ቦታ የዛንክ ምርመራ ፈጣን ፍንጭ ይሰጣል። አዲስ እብጠት ከፍተው ወለሉን በስለት ጀርባ በቀስታ ይፋቁ፣ ስላይድ ላይ ቀብተው በጊምዛ የላቦራቶሪ ቀለም ያቅልሙ። ክብ ሆነው የተለያዩ፣ ትልቅ ኒውክሊየስ ያላቸው ሴሎች ፔምፊገስን ይደግፋሉ። ብዙ ኒውክሊየስ ያላቸው ግዙፍ ሴሎች ከታዩ ግን ሄርፒስ ነው።

ደረጃ 3፦ ውጤቱን ማንበብ

በፓቶሎጂው የሚጠበቀው ከታችኛው የሴል ረድፍ በላይ የተፈጠረ ክፍተትና በውስጡ የሚንሳፈፉ የተለያዩ ሴሎች ናቸው። የታችኛው ረድፍ ግን ከወለሉ ጋር ተያይዞ ቆሞ ይታያል። በኢሚውኖፍሎረሰንስ ደግሞ አይጂጂ የተባለው አንቲቦዲ፣ ብዙ ጊዜም ሲ3 የተባለው የመከላከያ ፕሮቲን፣ በሴሎቹ ዙሪያ እንደ መረብ ያበራሉ። የሚያበራው ከላይኛው ሽፋን ሥር በመስመር ከሆነ በሽታው ከፔምፊጎይድ ወገን ነው።

ፓቶሎጂው ብቻውን ለምን አይበቃም? በዘር የሚተላለፉት ሄይሊ ሄይሊና ዳሪየር በሽታዎችም የሴል መለያየት ያሳያሉ። በእነሱ ኢሚውኖፍሎረሰንሱ ባዶ ነው። የኢሚውኖፍሎረሰንስ ዕድል ከሌለ ምርመራው በአራት ነገር ላይ ይቁም፦ በሕመሙ አካሄድ፣ በኒኮልስኪ ምልክት፣ በፓቶሎጂውና በቤተሰብ ታሪክ። ናሙናው ከባድ ጥርጣሬ እያለ ባዶ ከመጣ «በሽታው የለም» ብሎ ከመዝጋት በፊት ከየት እንደተወሰደና በምን ፈሳሽ እንደተላከ ይጠይቁና ይድገሙት።

የኤላይዛው ቁጥር ለክትትልም ይጠቅማል። የዴስሞግሊን 1 መጠን ከቆዳው ሁኔታ ጋር አብሮ የመውጣትና የመውረድ ጠባይ አለው። ዴስሞግሊን 3 ግን ታካሚው ድኖም ከፍ እንዳለ ሊቆይ ይችላል። ስለዚህ ቁጥር ብቻ ዓይቶ መድኃኒት መጨመር ስህተት ነው፤ የሚታከመው ታካሚው ነው።

ደረጃ 4፦ የበሽታውን ክብደት መለካት፣ ለመድኃኒቱ መዘጋጀት

የታካሚው መዳፍ ከነጣቶቹ ከአካሉ ቆዳ 1 በመቶ ገደማ ይሆናል። የተላጠው ከ5 በመቶ በታች ከሆነና የአፉ ቁስል ከመብላት ካልከለከለው ቀላል ነው። ከዚያ በላይ ከሆነ፣ ብዙ ስስ ሽፋኖች ከተያዙ፣ መዋጥ አቅቶት ከከሳ ከባድ ነው። ትኩሳት፣ መግል፣ መጠጣት አለመቻል፣ በፍጥነት የሚሰፋ መላጥ ካለ ተኝቶ ይታከም። የተላጠ ቆዳ ፈሳሽ፣ ፕሮቲንና ሙቀት ያስወጣል፣ ለባክቴሪያም በር ይከፍታል። ዛሬ ለሞት ከሚዳርጉት ዋነኛው ኢንፌክሽን ነው።

መድኃኒት ከመጀመሩ በፊት የሚሠሩ ምርመራዎች እነዚህ ናቸው፦ ክብደት፣ የደም ግፊት፣ ሙሉ የደም ቆጠራ፣ የጉበትና የኩላሊት ምርመራ፣ የደም ስኳር፣ ኤችአይቪ፣ ሔፓታይተስ ቢና ሲ፣ የሳንባ ነቀርሳ ምርመራ ከደረት ራጅ ጋር፣ ለሴቶች የእርግዝና ምርመራ። ለሔፓታይተስ ቢ ሁለት ምርመራ ይታዘዝ፤ የቫይረሱ ገጽ አንቲጅንና የኮር አንቲቦዲ። የመጀመሪያው ባዶ ሆኖ ሁለተኛው ሲገኝ ቫይረሱ ጉበት ውስጥ ተደብቆ ሊኖር ይችላል፤ ሪቱክሲማብ (አንቲቦዲ የሚያመርቱ ሴሎችን የሚቀንስ፣ በደም ሥር የሚሰጥ መድኃኒት) ደግሞ ይቀሰቅሰዋል። እንዲህ ያለው ታካሚ ሪቱክሲማብ ከመውሰዱ በፊት ቴኖፎቪር ወይም ኢንቴካቪር የተባለውን ፀረ ቫይረስ መድኃኒት ይጀምር፤ ከመጨረሻው ሪቱክሲማብ በኋላም ቢያንስ ለአንድ ዓመት ይቀጥል።

ስትሮንጂሎይደስ የተባለው የአንጀት ትል በሚገኝበት አካባቢ የኖረ ሰው ከፍተኛ ስቴሮይድ ከጀመረ ትሉ በመላ አካሉ ተሰራጭቶ ሊገድለው ይችላል። የሰገራ ምርመራ ብዙ ጊዜ ትሉን ሳያገኝ ይቀራል። ስለዚህ ተጋልጧል ተብሎ ለሚታሰብ ሰው አይቨርሜክቲን በኪሎ 200 ማይክሮግራም ለሁለት ቀን አስቀድሞ መስጠት ተገቢ ነው።

ክትባት የሚያስፈልግ ከሆነና ጊዜ ካለ ከሪቱክሲማብ ቢያንስ አራት ሳምንት አስቀድሞ ይሰጥ። ሕያው ተሕዋስ ያለባቸው ክትባቶች በሕክምናው ወቅት ክልክል ናቸው። ከባድ ሕመም ላይ ያለ ታካሚ ግን ክትባት ይጠብቅ ተብሎ ሕክምናው አይዘገይ።

ደረጃ 5፦ መድኃኒቱን መጀመር

ፕሬድኒሶሎን የተባለው ስቴሮይድ በሽታውን በፍጥነት ያረግበዋል፤ ሁለተኛው መድኃኒት (ሪቱክሲማብ፣ አዛቲዮፕሪን ወይም ማይኮፌኖሌት) ደግሞ ፕሬድኒሶሎኑን ለመቀነስ ያስችላል። ሁለቱ አብረው ቢጀመሩ ይመረጣል። ሁለተኛው መድኃኒት ሥራውን እስኪጀምር ሳምንታት ይፈልጋል፤ ስቴሮይዱ ሊቀነስ ሲል መጀመር ማለት ታካሚውን መሐል መንገድ ላይ ያለ ጥበቃ መተው ነው።

ለቀላል ሕመም በቀን በኪሎ ከ0.5 እስከ 1 ሚ.ግ. ፕሬድኒሶሎን፣ ለከባዱ 1 ሚ.ግ. ይጀመራል። 60 ኪሎ ለሚመዝን ሰው 1 ሚ.ግ. በኪሎ ማለት 60 ሚ.ግ.፣ ባለ 5 ሚሊግራሙ 12 ፍሬ ነው። ጠዋት ከቁርስ በኋላ በአንድ ጊዜ ይወሰድ፤ ማታ የተወሰደ እንቅልፍ ይነሣል።

ሪቱክሲማብ ከተገኘ ከመካከለኛ እስከ ከባድ ለሆነው ሕመም የመጀመሪያው ምርጫ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 በታተመ የፈረንሳይ ጥናት ከሁለት ዓመት በኋላ ያለ መድኃኒት ሙሉ በሙሉ ድነው የተገኙት ሪቱክሲማብና አጭር የስቴሮይድ ሕክምና ከወሰዱት 89 በመቶ ሲሆኑ፣ ስቴሮይድ ብቻ ከወሰዱት 34 በመቶ ነበሩ። የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደርም እ.ኤ.አ. በ2018 ለዚህ በሽታ ፈቅዶታል።

አሰጣጡ እንዲህ ነው። 1,000 ሚ.ግ. በመጀመሪያው ቀን፣ 1,000 ሚ.ግ. ከ14 ቀን በኋላ። ከመስጠቱ 30 ደቂቃ አስቀድሞ ሜቲልፕሬድኒሶሎን 100 ሚ.ግ. በደም ሥር፣ ፓራሲታሞል 1 ግራምና ፀረ አለርጂ ይሰጣል። የመጀመሪያው ጠብታ በሰዓት 50 ሚ.ግ. ይጀመርና ታካሚው ከተስማማው በየ30 ደቂቃው በ50 እየጨመረ እስከ 400 ይደርሳል። ብርድ ብርድ ማለት፣ ማሳከክ፣ የግፊት መውረድ ወይም የትንፋሽ ማጠር ከመጣ ወዲያውኑ ያቁሙ፤ ቀላል ከነበረና ከጠፋ በግማሽ ፍጥነት ይቀጥላል። የግፊት መድኃኒት የሚወስድ ሰው ከመስጠቱ 12 ሰዓት አስቀድሞ እንዲተወው ማድረግ የግፊት መውረድን ይቀንሳል። ውጤቱ በደንብ የሚታየው ከሁለት እስከ ሦስት ወር ውስጥ ነው። ታካሚው «አልሠራልኝም» ብሎ በሳምንቱ ተስፋ እንዳይቆርጥ ይህን አስቀድመው ይንገሩት። በ12ኛውና በ18ኛው ወር 500 ሚ.ግ. መድገም በሽታው እንዳያገረሽ ያግዛል።

ሪቱክሲማብ በማይገኝበት ጊዜ አዛቲዮፕሪን ወይም ማይኮፌኖሌት ሞፌቲል አሁንም ብዙ ታካሚዎችን ያድናሉ። አዛቲዮፕሪን በቀን በ50 ሚ.ግ. ተጀምሮ ደሙ እየታየ በኪሎ ከ1 እስከ 2.5 ሚ.ግ. ይደርሳል። የደም ቆጠራና የጉበት ምርመራ በመጀመሪያው ወር በየሳምንቱ ይደረግ። ለሪህ አሎፑሪኖል ለሚወስድ ሰው በተለመደው መጠን አዛቲዮፕሪን መስጠት መቅኒን ሊያደርቅ ይችላል። ማይኮፌኖሌት በቀን ሁለት ጊዜ 500 ሚ.ግ. ተጀምሮ ወደ ሁለት ጊዜ 1 ግራም ያድጋል። ፅንስን ስለሚጎዳ ልጅ መውለድ የምትችል ሴት አስተማማኝ የእርግዝና መከላከያ ሳትጀምር አይሰጣት።

ከስቴሮይዱ ጋር አብረው የሚሄዱ ነገሮች አሉ። ካልሲየም ከምግብና ከኪኒን ተደምሮ በቀን ከ1,000 እስከ 1,200 ሚ.ግ.፣ ቫይታሚን ዲ 800 ዩኒት። ለአጥንት መሳሳት የሚሰጠው አሌንድሮኔት ጉሮሮና የምግብ ቧንቧ ለቆሰለ ሰው በአፍ አይሰጥ፤ ቁስሉን ያባብሰዋል። በቀን 20 ሚ.ግ. ወይም ከዚያ በላይ ፕሬድኒሶሎን ከአንድ ወር በላይ ከሌላ የመከላከያ ኃይል ከሚቀንስ መድኃኒት ጋር ለሚወስድ፣ የሳንባ ምች መከላከያ ኮትሪሞክሳዞል 480 ሚ.ግ. በየቀኑ ይጨመር። የደም ስኳር ሲለካ ደግሞ ከምሳ በኋላ ያለው ይታይ። ጠዋት የተወሰደ ፕሬድኒሶሎን ስኳርን የሚያወጣው ከሰዓት በኋላና አመሻሽ ላይ ስለሆነ በባዶ ሆድ የተለካው ደህና መስሎ ያታልላል።

ደረጃ 6፦ ቁስሉንና አፍን መንከባከብ

የእብጠቱን ክዳን አይላጡ። ትልቅና የሚያስጨንቅ ከሆነ በንጹሕ መርፌ ሥሩን ወግተው ፈሳሹን ያውጡና ክዳኑን መልሰው ያስተኙት፤ ከማንኛውም ፋሻ የተሻለ ሽፋን ነው። የተላጠው ቦታ በየቀኑ ለብ ባለ ንጹሕ ውሃ ይታጠብ። መግል ካለው ፖታሲየም ፐርማንጋኔት በ1 ለ10,000፣ ማለትም አንድ ባለ 400 ሚሊግራም ፍሬ በ4 ሊትር ውሃ ሙሉ በሙሉ ሟሙቶ፣ ለ10 እስከ 15 ደቂቃ ይዘፈዘፍበት። ቀለሙ ፈዘዝ ያለ ሮዝ ይሁን፤ ወይን ጠጅ ከሆነ ወፍሯል፣ ቆዳ ያቃጥላል። ከዚያ ቫዝሊን በብዛት፣ በላዩ ቁስል ላይ የማይጣበቅ ቫዝሊን የተቀባ ጋዝ፣ በላዩ ጥቅል ፋሻ። ፕላስተር በቀጥታ ቆዳ ላይ አይለጠፍ፤ ሲነሣ ጤነኛውን ቆዳ ይዞ ይነሣል። የደም ግፊት መለኪያው ጨርቅና የደም ሥር መርፌ ማሰሪያው እንኳ ይህን ያደርጋሉ፤ ከሥራቸው ለስላሳ ፋሻ ይደረግ።

አፍ ከቆዳ ዘግይቶ ነው የሚድነው። ብዙዎች ብሩሹ ስለሚያደማቸው መቦረሽ ያቆማሉ፤ ይሁን እንጂ የጥርስ ቆሻሻ ሲከማች ድዱ ይበልጥ ይቆጣል፣ ቁስሉም አይዘጋም። ለሕፃን የሚሆን ለስላሳ ብሩሽና የማያቃጥል የጥርስ ሳሙና ይጠቀሙ። 0.2 በመቶ ክሎርሄክሲዲን ካቃጠለ በእኩል ውሃ ይቅጠን። 0.5 ሚ.ግ. ቤታሜታሶን የሚሟሟ ፍሬ በ10 ሚ.ሊ. ውሃ አሟሙቶ ለ3 እስከ 5 ደቂቃ አፍ ውስጥ መያዝና መትፋት፣ በቀን እስከ አራት ጊዜ፣ ሕመሙን ያቀላል። መዋጥ የለበትም፤ ከዚያም ለግማሽ ሰዓት ምንም አይበላም አይጠጣም። ምግቡ ለስላሳና ቀዝቀዝ ያለ ይሁን፤ የሚያቃጥል፣ ጎምዛዛና ጠንካራ ነገር ይቅር።

ደረጃ 7፦ መቀነስ

ቅነሳ የሚጀመረው ሁለት ነገር ሲሟላ ነው፦ ቢያንስ ለሁለት ሳምንት አዲስ ቁስል አልወጣም፤ ከነበሩት ደግሞ 80 በመቶ ገደማ ድነዋል። ከዚህ በፊት መቀነስ ከጀመሩበት መጠን በላይ ሊያስከፍል ይችላል።

በየሁለት ሳምንቱ ከነበረው ሩብ ገደማ እየቀነሱ እስከ 20 ሚ.ግ. ይውረዱ፤ ከ60 ወደ 45፣ ወደ 35፣ ወደ 25፣ ወደ 20። ከ20 በታች ቀስ ይበሉ፤ በየሁለት ሳምንቱ 2.5 ሚ.ግ. እስከ 10፣ ከዚያም በየወሩ 1 ሚ.ግ.። ሪቱክሲማብ ለወሰደ ታካሚ ፈጠን ብሎ፣ ለቀላሉ በሦስት ወር፣ ለከባዱ በስድስት ወር መጨረስ ይቻላል።

በአንድ ወር ውስጥ ሦስት ወይም ከዚያ በላይ አዲስ ቁስል ወጥቶ በሳምንት ውስጥ በራሱ ካልዳነ፣ ወይም ድሮ የነበረው ከሰፋ አገርሽቷል ማለት ነው። ያን ጊዜ በቅነሳው መሰላል ሁለት ደረጃ ወደ ኋላ ይመለሱ፤ በሁለት ሳምንት ውስጥ ካልረገበ ወደ መጀመሪያው መጠን ይወጣል። አንዲት ቁስል ወጥታ በሦስተኛው ቀን ከዳነች ግን ማገርሸት አይደለም፤ ለእሷ ብሎ ስቴሮይድ መጨመር አያስፈልግም።

ስቴሮይድ ከሦስት ሳምንት በላይ የወሰደ ሰው በድንገት ካቆመ የአድሬናል ዕጢው የሰውነትን ፍላጎት መሸፈን ስለማይችል ግፊቱ ወርዶ ሊሞት ይችላል። መድኃኒቱ ከማለቁ ከሳምንት በፊት ይተካ። ትኩሳት ያለው ሕመም ከያዘው መጠኑን ለጊዜው ስለመጨመር ሐኪሙን ያማክር። ደጋግሞ የሚያስታውክ ሰው ስቴሮይዱ በመርፌ ያስፈልገዋልና ቤት አይቀመጥ።

አልሻል ሲል

ሦስት ሳምንት ሙሉ መጠን ተወስዶ አዲስ ቁስል መውጣቱን ካላቆመ መጠኑን ከመጨመር በፊት አራት ነገር ይፈትሹ። አንደኛ፣ ኪኒኑ በእርግጥ እየተዋጠ ነው? ጉሮሮው የቆሰለ ሰው በፍሬ ከመዋጥ ይልቅ ሟሙቶ ቢሰጠው ይሻለዋል። ሁለተኛ፣ ሪፋምፒሲን ይወስዳል? ይህ የሳንባ ነቀርሳ መድኃኒት ፕሬድኒሶሎንን ጉበት ውስጥ ቶሎ እንዲፈርስ ስለሚያደርግ መጠኑ ማደግ አለበት። ሦስተኛ፣ ሄርፒስ ተደርቦ ይሆን? በድንገት የባሰ፣ በጣም የሚያም፣ ጠርዙ የተቆረጠ የሚመስል ቁስል ይህንን ያሳስባል፤ ናሙና ወስደው አሲክሎቪር ይጀምሩ። አራተኛ፣ ነጭ የአፍ ፈንገስ አለ? ኒስታቲን ወይም ፍሉኮናዞል ያስፈልገዋል። እነዚህን ሳያዩ ስቴሮይድ መጨመር ኢንፌክሽኑን መመገብ ነው።

አራቱም ከሌሉ ፕሬድኒሶሎኑ በኪሎ እስከ 1.5 ሚ.ግ. ከፍ ይላል፣ ሪቱክሲማብም ካልተሰጠ ይታሰባል። በኢንፌክሽን ምክንያት የመከላከያ ኃይልን ማዳከም ለማይቻልበት ታካሚ በደም ሥር የሚሰጥ ኢሚውኖግሎቡሊን፣ በኪሎ 2 ግራም በሦስት እስከ አምስት ቀን ተከፋፍሎ፣ በየወሩ ይሰጣል።

እርጉዝ ሴት ላይ ፕሬድኒሶሎን ዋናው መድኃኒት ሆኖ ይቀጥላል፣ አዛቲዮፕሪንም ሲያስፈልግ ይጨመራል፤ ማይኮፌኖሌትና ሜቶትሬክሴት ክልክል ናቸው። የእናቲቱ አንቲቦዲ በእንግዴ ልጅ አልፎ ሕፃኑ ቁስል ይዞ ሊወለድ ይችላል። አንቲቦዲው ከደሙ ሲጠፋ በሳምንታት ውስጥ ይድናል፤ ሕፃኑ የራሱ በሽታ የለውም።

መድኃኒቱን ማቆም

ታካሚው በሽታው እስኪረግብ በየሁለት ሳምንቱ፣ በቅነሳ ላይ በየወሩ፣ ከዚያ በየሦስት ወሩ ይታይ። በትንሽ መጠን ለወራት ያለ ቁስል ከቆየ በኋላ ለማቆም ሲታሰብ የዴስሞግሊን ኤላይዛና ከተቻለ አዲስ የኢሚውኖፍሎረሰንስ ናሙና ይሠራ። ናሙናው አሁንም የሚያበራ ከሆነ የማገርሸት ዕድሉ ከፍ ያለ ስለሆነ ለጥቂት ወራት መቆየት ይሻላል። 5 ሚ.ግ. ገደማ ሲደርስ የጠዋት ኮርቲሶል (የአድሬናል ዕጢው ሆርሞን) ከመድኃኒቱ በፊት ይለካ፤ ዝቅ ካለ የቆዳው በሽታ ድኖም ዕጢው አልነቃምና ቅነሳው በዚያ ልክ ይዝገም። ሁለተኛው መድኃኒት የሚቆመው ስቴሮይዱ ካለቀ በኋላ ነው፤ ሁለቱ በአንድ ወር አይቁሙ፣ ካገረሸ የትኛው እንደጎደለ አይታወቅምና።